«አጌሌኒዴ»፦ ከስቶክሆልም ማተሚያ ቤት የተነሣው የሸረሪት ስም ምን ማለት ነው?

በስዊድን ርዕሰ ከተማ ስቶክሆልም፣ በነሐሴና በመስከረም ወራት ምድር ቤት ወርዶ አሮጌ ሣጥን ያነሣ ሰው ከግድግዳው ጥግ አንድ ለየት ያለ የሸረሪት ድር ሊያይ ይችላል። ድሩ በሥዕል እንደለመድነው እንደ መንኮራኩር ክብ አይደለም። እንደ ስስ ነጠላ ተዘርግቶ፣ ወደ ጥጉ ሲጠጋ እየጠበበ ሄዶ በመጨረሻ ወደ ውስጥ የሚገባ ቱቦ ይሆናል። በቱቦው አፍ ላይ ረጃጅም እግሮች ያሏት ቡናማ ሸረሪት አድፍጣለች።

ሰውየው ስልኩን አውጥቶ የድሩን ቅርጽ በእንግሊዝኛ ቢፈልግ «ፈነል ዌብ» የሚል መጠሪያ ያገኛል። ከመጠሪያው ጋር የሚመጣለት መረጃ ግን ስለ አውስትራሊያዋ ከተማ ሲድኒ፣ ስለ መርዝ፣ ስለ ሞትና ስለ ማርከሻ መድኃኒት የሚያወራ ነው። ትንንሽ ልጆች ያሉት ወላጅ ከሆነ ሌሊቱን እንቅልፍ ላይወስደው ይችላል።

ድንጋጤው የመጣው ከሸረሪቷ ሳይሆን ከስሟ ነው። እጅግ የተራራቁ ሁለት የሸረሪት ቡድኖች በድራቸው ቅርጽ ብቻ አንድ የዕለት ተዕለት መጠሪያ ይጋራሉ። የሚለያቸው ሳይንሳዊው ስም ነው። የስቶክሆልሟ ሸረሪት «አጌሌኒዴ» ከሚባለው ቡድን ስትሆን፣ በሲድኒ የምትፈራው ደግሞ «አትራሲዴ» ከሚባለው ነች። የመጀመሪያው ቡድን ሳይንሳዊ ታሪክ የሚጀምረው ከ260 ዓመታት በላይ በፊት በዚያችው በስቶክሆልም ከታተመ አንድ መጽሐፍ ነው። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ቃሉ ምን ማለት ነው?

«አጌሌኒዴ» የአንዲት ሸረሪት ወይም የአንድ ዝርያ ስም አይደለም። ሕያዋን ነገሮች በሚመደቡበት ሥርዓት «አስተኔ» በሚባለው ደረጃ ላይ የሚገኝ የቤተሰብ ስም ነው። ዝርያዎች በወገን፣ ወገኖች ደግሞ በአስተኔ ይሰበሰባሉ። በዚህ አስተኔ ሥር እስካሁን ከ1,300 በላይ ዝርያዎች ተመዝግበዋል። በዓለም ላይ ስም የተሰጣቸው የሸረሪት ዝርያዎች በጠቅላላው ከ50,000 ይበልጣሉ።

ቃሉ ሁለት ክፍሎች አሉት። የመጀመሪያው «አጌሌና» የሚለው የወገን ስም ሲሆን፣ ይህን ስም ያወጣው ፈረንሳዊው ሻርል አታናዝ ዋልከኔር ነው፤ ዘመኑም 1805 ነበር። ሁለተኛው ክፍል «ኢዴ» የሚለው ቅጥያ ነው። በዓለም አቀፉ የእንስሳት ስያሜ ሕግ መሠረት የማንኛውም እንስሳ የአስተኔ ስም በዚህ ቅጥያ ያበቃል። የውሻና የቀበሮ አስተኔ «ካኒዴ»፣ የድመትና የአንበሳ «ፌሊዴ»፣ የበሬና የዋልያ «ቦቪዴ» የተባሉት በዚሁ ሕግ ነው። ጀርመናዊው ካርል ሉድቪግ ኮክ በ1837 አጌሌናንና የቅርብ ዘመዶቿን በአንድ ላይ ሲመድብ «አጌሌኒዴ» አላቸው።

ለአማርኛ ተናጋሪ የቅጥያው ትርጉም ሩቅ አይደለም። «እነ ከበደ መጡ» ስንል ከበደንና ከእርሱ ጋር ያሉትን ሁሉ ማለታችን ነው። «አጌሌኒዴ» ማለትም በዚያው መንገድ «እነ አጌሌና» እንደማለት ነው።

ስዊድናውያን በዕለት ተዕለት ቋንቋቸው እነዚህን ሸረሪቶች «ትራትስፒንድላር» ይሏቸዋል። «ትራት» ዘይት ወይም ጋዝ ከጀሪካን ወደ ጠርሙስ ሲገለበጥ እንዳይፈስ በጠርሙሱ አፍ ላይ የሚቀመጠው፣ አፉ ሰፊ ጫፉ ጠባብ የሆነው ዕቃ ነው። «ስፒንደል» ሸረሪት ነው። የእንግሊዝኛው «ፈነል»ም ይህንኑ ዕቃ ያመለክታል። ቅርጹ ጥሩምባን ስለሚመስል በዚህ ጽሑፍ «ባለ ጥሩምባ ድር» የሚለውን መግለጫ እንጠቀማለን።

የሚሮጡበት እንጂ የሚያጣብቅ ድር አይደለም

ብዙ ሰው የሸረሪት ድር ሁሉ የሚያጣብቅ ይመስለዋል። የአጌሌኒዴ ድር ግን በአብዛኛው አያጣብቅም። ሸረሪቷ ከኋላዋ ባሉት፣ በዚህ አስተኔ ዘንድ ረዘም ብለው በሚታዩት የክር ማውጫ አካላቷ ጥቅጥቅ ያለ ምንጣፍ ትዘረጋለች። ከምንጣፉ በላይ የተወሳሰቡ ክሮች ትወጥራለች። በራሪው ነፍሳት ከክሮቹ ጋር ተጋጭቶ ምንጣፉ ላይ ሲወድቅ ንዝረቱ እስከ ቱቦው ይደርሳል። ሸረሪቷም በፍጥነት ሮጣ ትነክሰዋለች፤ ከዚያም ጎትታ ወደ ቱቦዋ ትገባለች።

ለአስተኔው ስም መነሻ በሆነው ወገን ውስጥ በአውሮፓ በሰፊው የምትታወቀው ዝርያ «አጌሌና ላብሪንቲካ» ትባላለች። ምንጣፏን በሣርና በዝቅተኛ ቁጥቋጦ ላይ ትዘረጋለች። ሞቃታማው ወቅት ሊያበቃ ሲል እንስቷ ዕንቁላሎቿን የምታኖርበት፣ ብዙ መተላለፊያ ያለው ነጭ የክር ክፍል ትሠራለች፤ ዕንቁላሎቿንም እዚያው ትጠብቃለች። «ላብሪንቲካ» የሚለው ስም የመጣው የገባበት መውጫው የሚጠፋበትን ውስብስብ ሕንጻ ከሚያመለክተው «ላብሪንቶስ» ከተባለው የግሪክ ቃል ነው።

መጽሐፉና የከተማው ሠራተኛ

ይህን ስም ያወጣው ካርል ክሌርክ ይባላል። በኡፕሳላ ዩኒቨርሲቲ ትምህርት ቢጀምርም የገንዘብ አቅም ስላነሰው ቶሎ አቋርጦ ወደ መንግሥት ሥራ ገባ፤ ኋላም በስቶክሆልም ከተማ አስተዳደር አገለገለ። ወደ ተፈጥሮ ጥናት የተሳበው በጎልማሳነቱ ሲሆን፣ ለዚህም በ1739 የዕፅዋትና የእንስሳት ምደባ አባት የሚባለው ካርል ሊኒየስ በስቶክሆልም የሰጠው ንግግር ምክንያት እንደሆነው ይነገራል።

ክሌርክ በ1757 በስዊድንኛና በላቲን ጎን ለጎን የተጻፈ፣ ባለ ቀለም ሥዕሎች ያሉት መጽሐፍ አሳተመ። የስዊድንኛ ርእሱ «ስቬንስካ ስፒንድላር» ማለትም «የስዊድን ሸረሪቶች» ነው። ከ60 የሚበልጡ ዝርያዎችን በዝርዝር ገለጸ፤ ለእያንዳንዳቸውም ሁለት ቃል ያለው ስም ሰጠ። ያሳተመው የስቶክሆልሙ ላውሬንቲዩስ ሳልቪዩስ ነበር። ይኸው አሳታሚ በቀጣዩ ዓመት በ1758 የሊኒየስን «ሲስቴማ ናቱሬ» 10ኛ እትም አወጣ።

የእንስሳት ስያሜ ሕግ መነሻ ያደረገው ይህን የሊኒየስ እትም ነው። ሕጉ የሥርዓቱ መጀመሪያ ጥር 1 ቀን 1758 ነው ይላል። ከዚያ በፊት የወጡ ስሞች ተቀባይነት የላቸውም። ከዚህ ደንብ ነጻ የሆነው አንድ መጽሐፍ ብቻ ነው፤ እርሱም የክሌርክ የሸረሪት መጽሐፍ ነው። ሕጉ ሁለቱም ሥራዎች በአንድ ቀን እንደወጡ ይቆጥርና፣ በስም ሲጋጩ ቅድሚያውን ለክሌርክ ይሰጣል።

ቅድሚያው በተግባር ይታያል። በጀርባዋ ላይ መስቀል የመሰለ ነጭ ምልክት ያላትን የአውሮፓ የአትክልት ሸረሪት ሊኒየስም በ1758 ሰይሟት ነበር። ዛሬ የምትጠራው ግን ክሌርክ ባወጣላት «አራኔዩስ ዲያዴማቱስ» በሚለው ስም ነው። በሸረሪት ጉዳይ የከተማው ሠራተኛ ታላቁን ሊቅ ቀድሞታል።

ሙሉ ስሙ እንዴት ይነበባል?

በሳይንስ መጻሕፍት የሸረሪቷ ስም ሙሉ ሆኖ ሲጻፍ እንዲህ ይላል፦ አጌሌና ላብሪንቲካ (ክሌርክ፣ 1757)። ይህ አጭር ሐረግ አራት ነገሮችን ይናገራል።

«አጌሌና» ወገኗን ይነግረናል። «ላብሪንቲካ» ዝርያዋን ይለያል። ቀጥሎ የመጣው ስሙን ያወጣው ሰውና ያወጣበት ዓመት ነው። ቅንፉም የራሱ ትርጉም አለው፦ ክሌርክ ዝርያዋን ሲሰይም ወገኗ ሌላ ነበር ማለት ነው። በእርሱ መጽሐፍ ሸረሪቶቹ ሁሉ «አራኔዩስ» ነበሩ። በኋላ ወደ አጌሌና ስትዛወር የሰያሚዋ ስም በቅንፍ ውስጥ ገባ። ዝርያው ከመጀመሪያ ወገኑ ካልወጣ፣ እንደ «አራኔዩስ ዲያዴማቱስ»፣ ቅንፍ አያስፈልግም።

ስትዛወር የስሟ መጨረሻም ተለወጠ። «አራኔዩስ» በላቲን ሰዋስው ተባዕታይ ስለሆነ ክሌርክ የጻፈው «ላብሪንቲኩስ» ብሎ ነበር። «አጌሌና» አንስታይ በመሆኗ ቅጽሉ «ላብሪንቲካ» ሆነ። «ቅዱስ ጊዮርጊስ»፣ «ቅድስት ማርያም» እንደምንለው ማለት ነው።

ስሞች በአዲስ ጥናት ምክንያት ሲለወጡ ሳይንቲስቶች አንዳንድ ጊዜ ይጫወታሉ። በስዊድን ቤቶች ውስጥ ወንዶቹ በመጸው ወራት እንስት ፍለጋ ሲሯሯጡ የሚታዩት ትልቋ የቤት ሸረሪት ለረጅም ጊዜ «ቴጌናሪያ» በሚባለው ወገን ነበረች። በ2013 ከዚያ ወጥታ «ኤራቲጌና» ወደተባለ አዲስ ወገን ገባች። አዲሱ ስም «ቴጌናሪያ» የሚለው ቃል በላቲን ሲጻፍ ያሉትን ፊደሎች አዘበራርቆ የተሠራ ነው። ሸረሪቷም ዛሬ «ኤራቲጌና አትሪካ» ትባላለች።

አንድ መጠሪያ፣ ሁለት አስተኔ

አሁን ወደ ሲድኒ እንሻገር። በምሥራቃዊና ደቡባዊ አውስትራሊያ የሚኖሩት፣ በእንግሊዝኛ «ፈነል ዌብ» የሚባሉት ሸረሪቶች በዋሻቸው አፍ ላይ የጥሩምባ ቅርጽ ያለው ክር ይዘረጋሉ። ከእነርሱ መካከል ይበልጥ የታወቀችው «አትራክስ ሮቡስቱስ» ስትሆን፣ እንግሊዛዊው ኦክታቪየስ ፒካርድ ካምብሪጅ በ1877 ሰየማት። «ሮቡስቱስ» በላቲን «ጠንካራ» ማለት ነው። እስከ 2018 ድረስ «ሄክሳቴሊዴ» በሚባለው አስተኔ ትመደብ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ግን ከዘመዶቿ ጋር «አትራሲዴ» በሚለው ራሱን በቻለ አስተኔ ትገኛለች። በጥር 2025 ደግሞ የአውስትራሊያና የጀርመን ተመራማሪዎች አንድ ዝርያ ትመስል የነበረችው የሲድኒዋ ሸረሪት በእርግጥ ሦስት ዝርያዎች እንደሆነች አስታውቀዋል።

አትራሲዴና አጌሌኒዴ ሁለቱም ሸረሪቶች ከመሆናቸው በቀር የቅርብ ዝምድና የላቸውም። ልዩነቱ በአፋቸው ይታያል። አጌሌኒዴ የሚገኙበት ታላቁ ክፍል «አራኒዮሞርፌ» ይባላል፤ የእነዚህ መንከሻ ጥርሶች እንደ ወረንጦ ከግራና ከቀኝ ይገናኛሉ። አትራሲዴ የሚገኙበት ደግሞ «ሚጋሎሞርፌ» ሲሆን፣ የእነዚህ ጥርሶች ጎን ለጎን ሆነው እንደ ዶማ ወደ ታች ይወርዳሉ። ታራንቱላ የሚባሉት ጠጉራም ትላልቅ ሸረሪቶችም ከዚህኛው ክፍል ናቸው።

ሸረሪቶች ሁሉ ማለት ይቻላል ነፍሳትን የሚያደነዝዙበት መርዝ አላቸው። በስዊድን ያሉት አጌሌኒዴዎች መርዝ ግን ለሰው አደገኛ አይደለም። የሲድኒዋ ሸረሪት፣ በተለይም የወንዱ መርዝ፣ የሰውን የነርቭ ሥርዓት በብርቱ ያውካል። ከ1927 ጀምሮ ማርከሻው እስከተገኘበት ጊዜ ድረስ 13 ሰዎች በንክሻው ሞተዋል። በሜልበርን በስትሩዋን ሰዘርላንድ የተመራ ቡድን ያዘጋጀው ማርከሻ በ1981 ለሕክምና ከዋለ ወዲህ በዚህ ንክሻ የሞተ ሰው አልተመዘገበም። መርዙ ጥንቸልን እንደ ሰው ስለማይጎዳ ማርከሻው የሚዘጋጀው በጥንቸል ደም ነው።

ስም ያስከተለው ክስ

የስም መደናገር ሸረሪትንም ሰውንም እንደሚጎዳ የሚያሳይ ሌላ ታሪክ በሰሜን ምዕራብ አሜሪካ ይገኛል፤ ብዙ ኢትዮጵያውያን በሚኖሩባት በሲያትል አካባቢ። ከአውሮፓ ወደዚያ የገባችው «ኤራቲጌና አግሬስቲስ» ከአጌሌኒዴ አስተኔ ነች። «አግሬስቲስ» በላቲን «የመስክ» ማለት ነው። በአውሮፓ የምትኖረው ሜዳ ላይ ነውና። በእንግሊዝኛ ግን ድምፁ «ቁጡ» ከሚለው ቃል ጋር ስለሚመሳሰል «ቁጡዋ የቤት ሸረሪት» የሚል መጠሪያ ወጣላት። ሥጋ የሚያበሰብስ ቁስል ታስከትላለች የሚል ክስም ለዓመታት ተከተላት። በኋላ የተደረጉ ጥናቶች ክሱን አልደገፉትም።

ጉዳቱ በሸረሪቷ ላይ ብቻ አልቀረም። ቁስል ያለበት ሰው «ሸረሪት ነክሶኝ ነው» ብሎ ካመነ፣ የቁስሉ እውነተኛ መንስኤ የሆነው የባክቴሪያ ልክፈት ወይም ሌላ በሽታ በጊዜ ሳይታወቅ ሊቆይ ይችላል።

ከኢትዮጵያ የተመዘገቡ ዝርያዎች

የአጌሌና ወገን በአፍሪካም አለ። ጣሊያናዊው ሎዶቪኮ ዲ ካፖሪያኮ በ1939 እና በ1940፣ አገሩ ኢትዮጵያን በወረረችበት ዘመን፣ ከኢትዮጵያ የተገኙ ሁለት ዝርያዎችን ሰይሟል። አንዷ «አጌሌና ሂርሱቲሲማ» ማለትም «እጅግ ጠጉራሟ» ስትሆን፣ ሌላዋ «አጌሌና ኢንሴርቲሲማ» ነች። የሁለተኛዋ ስም ትርጉም «እጅግ አጠራጣሪዋ» ነው።

ሳይንሳዊ ስም ማንነትን ብቻ ሳይሆን ሰያሚው የቆመበትንም ቦታ ይዞ ይኖራል። ሊኒየስ በ1753 ቡናን «ኮፊያ አራቢካ» ሲል የዐረብ ምድር ተክል አደረገው፤ መነሻው ኢትዮጵያ መሆኑ ቢታወቅም ስሙ ጸንቶ ቀረ። በአንጻሩ የጤፍ ሳይንሳዊ ስም «ኤራግሮስቲስ ቴፍ»፣ የዋልያ ደግሞ «ካፕራ ዋሊ» ነው። በእነዚህ ሁለቱ የአገሬው ሰው መጠሪያ ራሱ ገብቶ ዓለም አቀፍ ሆኗል።

ከወገኑ አባላት መካከል ለአማርኛ ጆሮ ይበልጥ የምትጥመው የጋቦኗ «አጌሌና ኮንሶሲያታ» ሳትሆን አትቀርም። ስሟ «የተባበረችው» እንደማለት ነው። አብዛኞቹ ሸረሪቶች ብቻቸውን ሲኖሩ እነዚህ በደን ውስጥ አንድ ትልቅ ድር በኅብረት ሠርተው፣ ያደኑትንም ተካፍለው ይበላሉ። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» የሚለው ምሳሌያችን በእነርሱ ዘንድ ኑሮ ነው፤ የሚታሰረው አንበሳ ሳይሆን ፌንጣ ቢሆንም።

በአማርኛ እንዴት እንጠቀምበት?

አማርኛ ለሸረሪት ሥራ ቃል አያጣም። «ድር» የሸማኔም የሸረሪትም ነው፤ ከማግ ጋር ሲሆን ሸማ፣ ብቻውን ሲሆን የሸረሪት ቤት ይሆናል። ሰው የተወውን ቤት «ሸረሪት ያደራበት» እንላለን። የኢንተርኔቱ «ድረ ገጽ»ም ከዚሁ ቃል የተወለደ ነው። የጎደለን በድር ቅርጽ የሚመሳሰሉትን ሸረሪቶች የምንለይበት ስም ነው።

ስለዚህ ጥቂት ነጥቦችን መያዝ ይጠቅማል። «አጌሌኒዴ» የአስተኔ ስም ስለሆነ ስለ አንዲት ሸረሪት ሲነገር «ከአጌሌኒዴ አስተኔ የሆነች ሸረሪት» ማለት ይሻላል። በላቲን ፊደል የወገንና የዝርያ ስም ጋደል ባለ ፊደል፣ የአስተኔ ስም ደግሞ በቀጥተኛ ፊደል ይጻፋል። በግእዝ ፊደል ይህ ልማድ ስለሌለ የጥቅስ ምልክት ያገለግላል። እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች መጨረሻውን «ኢዲ» ሲሉ ቢሰማም፣ «ኢዴ» የሚለው ለላቲኑ አነባበብ ይቀርባል። «ባለ ጥሩምባ ድር» የሚለው መግለጫ ደግሞ ቅርጽን እንጂ ዝምድናን አይናገርም። አደጋን በሚመለከት ወሬ ሁሉ ከመግለጫው ጎን የአስተኔው ስም ሊጠቀስ ይገባል።

ልዩነቱ በተግባር

በሲድኒና በአካባቢዋ የሚኖር ሰው ትልቅ ጥቁር ሸረሪት ነክሳው «ፈነል ዌብ» ልትሆን ትችላለች ብሎ ከጠረጠረ ጊዜ ሳያጠፋ ወደ 000 መደወል አለበት። የተነከሰው እጅ ወይም እግር ከሆነ ከንክሻው ጀምሮ ሙሉውን በሰፊ ላስቲክ ፋሻ ጠበቅ አድርጎ መጠቅለል፣ እንዳይንቀሳቀስ በእንጨት መደገፍ፣ ተጎጂውንም አረጋግቶ ባለበት ማቆየት ያስፈልጋል። ቁስሉን መቁረጥም ሆነ መምጠጥ አይገባም።

በስቶክሆልሙ ምድር ቤት ለቆመው ሰው ግን ይህ ሁሉ አያስፈልገውም። አትራሲዴ በስዊድን ምድር አይኖሩም። በግድግዳው ጥግ ያለችው ሸረሪት ትንኝና ዝንብ የምትለቅም፣ ከሰው ስትገናኝ ወደ ቱቦዋ የምትሸሽ ፍጡር ነች። እዚያ መኖሯ ካልተመቸው ብርጭቆ ደፍቶባት፣ ከሥር ወረቀት አስገብቶ ወደ ውጭ መልቀቅ ይችላል። ስሟን ሊያውቅ ቢሻም «ፈነል ዌብ» ሳይሆን «አጌሌኒዴ» ብሎ ይፈልግ።